የሠርግ ባለሙያዎችን የት እናሳድር? ከአዲስ አበባ ወጣ ብሎ ለሚደገስ ትንሽ ሠርግ

ሐዋሳ ሐይቅ ዳር 80 ሰው ጠርቶ የሚደግስ ቤተሰብ የእንግዶቹን አልጋ ከሁለት ወር በፊት ያስባል። ካሜራ የሚይዘው፣ አበባ የሚደረድረው፣ ሙሽራዋን የምታስውበው፣ ስፒከር የሚያወርደውና መኪናውን የሚነዳው የት እንደሚያድሩ ግን ብዙ ጊዜ የሚታወሰው ሠርጉ ሁለት ቀን ሲቀረው ነው። ያኔ አልጋ አይገኝም፤ ቢገኝም ከሥሩ ጭፈራ ቤት ያለበት ፔንሲዮን ነው። ሠርግ ሲያንስ ደግሞ የባለሙያው ቁጥር አብሮ አይቀንስም። 400 ሰው ተጠራ 80፣ የቪዲዮው ቡድን ያው 4 ሰው ነው፤ ዲኮሩም ያው 6 ሰው ይፈልጋል። ስለዚህ የባለሙያዎች አዳር ከጠቅላላ ወጪው የሚይዘው ድርሻ በትንሽ ሠርግ ላይ ይከብዳል። ከመጀመሪያው በጀት ውስጥ መግባት ያለበትም ለዚህ ነው።

ማን ያድራል?

መጀመሪያ ርቀቱን እዩ። ቢሾፍቱ ከአዲስ አበባ 45 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሆነችና የአዳማው የፍጥነት መንገድም ስላለ፣ ዲጄና ቪዲዮ ሰዓታቸው ከፈቀደ በዕለቱ ሄደው በዕለቱ ሊመለሱ ይችላሉ። ሜካፕና ዲኮር ግን እዚያም ቢሆን ማደር አለባቸው። ሐዋሳ 275 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ዕቃ የጫነ አይሱዙ በየከተማው እየተንቀረፈፈ አምስትና ስድስት ሰዓት ይፈጅበታል። እዚያ የሚሠራ ሁሉ ያድራል።

ከርቀቱ ቀጥሎ ሰዓቱ ይመጣል። የባለሙያው ሥራ ከንጋት በፊት ይጀምራል? ወይስ ከምሽቱ 4 ሰዓት በኋላ ያልቃል? ከሁለቱ ለአንዱ መልሱ «አዎ» ከሆነ፣ ቦታው ቅርብም ቢሆን አልጋ ያዙለት። ሜካፕና ፀጉር ብዙ ጊዜ ከሌሊቱ 10 ሰዓት ይጀመራል። ሠርጉ የተክሊል ከሆነ ሙሽሮቹ ለቅዳሴ ስለሚገቡ ሰዓቱ ወደ 8 እና 9 ይወርዳል። ቪዲዮው ደግሞ ሙሽራዋ ስትዘጋጅ ጀምሮ መቅረጽ ስላለበት ከሜካፕ ባለሙያዋ ብዙም ሳይዘገይ ይነሣል። ዲኮር ሌሊቱን ሠርቶ ጠዋት የሚተኛ ቡድን ነው፤ ድግሱ ካለቀ በኋላም ፈትቶ የሚጭነው እሱ ነው።

አሁን ሁሉም የሚረሳው ሰው፦ ሹፌሩ። ከሌሊቱ 11 ሰዓት ከአዲስ አበባ ይነሣል፣ ሲነዳ ይውላል፣ ዕቃ ያወርዳል፣ ሙሽራዋን ለፎቶ ከቦታ ቦታ ሲያመላልስ ያመሻል፣ ከዚያ «በል እንመለስ» ይባላል። አልጋ ስለማይያዝለት ጋቢና ውስጥ ያድራል፤ ወይም ሳይተኛ ይነዳል። በሌሊት ከሐዋሳ ወደ ሞጆ የሚነዳ ሰው የሚያጋጥመው መብራት የሌለው የቆመ ከባድ መኪና፣ ጋሪና መንገድ ያቋረጠ ከብት ነው። እንቅልፍ ያጣ ዓይን ደግሞ ይህን የሚያየው ዘግይቶ ነው። ለሠርጉ ከሚያዙት አልጋዎች ሁሉ መጀመሪያ የሹፌሮቹን ቁጠሩ። ከሌሎቹ አንዱ ቢጎድል ሰው ይቆጣል፤ የሹፌሩ ሲጎድል ግን መኪናው ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ አደጋ ላይ ይወድቃል።

ቆጠራው

ከእያንዳንዱ ቡድን ኃላፊ በስልክ ሳይሆን በጽሑፍ የሚከተለውን ተቀበሉ፦

ስንት ሰው ይመጣል፣ ስንቱ ወንድ ስንቷ ሴት ናቸው።
በየትኛው ቀን፣ በስንት ሰዓት ይደርሳሉ፤ ሥራቸውን መቼ ይጨርሳሉ።
በምን መኪና ይመጣሉ፣ ሹፌሩ ከቁጥሩ ውስጥ ነው ወይስ ተጨማሪ።
ክፍል ውስጥ መግባት ያለበት ዕቃ አለ? (ካሜራ፣ ድሮን፣ ሚክሰር፣ የአበባ ሳጥን)
ማን ይጾማል፣ ማን ሙስሊም ነው፣ ማን የማይስማማው ምግብ አለ።

«4 ሰው ነን» ያለ የቪዲዮ ቡድን ሹፌሩንና ድሮን የሚያበርረውን ልጅ ሳይቆጥር ተናግሮ 6 ሆኖ ሲመጣ ይታያል። ስለዚህ የስም ዝርዝር ጠይቁ። ሆቴሉም የእያንዳንዱን መታወቂያ ስለሚመዘግብ ዝርዝሩ ለሁለቱም ይሆናል። መታወቂያ ያልያዘ ረዳት በእኩለ ሌሊት ሪሴፕሽን ላይ እንዳይቆም «መታወቂያችሁን ይዛችሁ ኑ» የሚለውንም ጻፉላቸው።

ስሌቱ እንዲገባ አንድ ምሳሌ እንውሰድ። ሠርጉ ቅዳሜ ሐዋሳ ነው፣ መልሱ እሁድ እዚያው ነው፣ ምግቡን የሚያቀርበው የሐዋሳ ሆቴል ስለሆነ ወጥ ቤትና አስተናጋጅ ከአዲስ አበባ አይመጣም። የሚመጡት፦ ቪዲዮና ፎቶ 4 (3 ወንድ፣ 1 ሴት)፣ ዲኮር 6 (4 ወንድ፣ 2 ሴት)፣ ዲጄና ሳውንድ 3 ወንድ፣ ሜካፕና ፀጉር 2 ሴት፣ ሹፌሮች 2 ወንድ። ጠቅላላ 17 ሰው።

ዓርብ ሌሊት ሁሉም ያድራሉ። የሜካፕና የፀጉር ባለሙያዎቹ አንድ ክፍል፣ የዲኮር ሴቶች አንድ፣ የቪዲዮዋ ልጅ አንድ፣ የዲኮር ወንዶች ሁለት፣ ሹፌሮች አንድ፣ የቪዲዮ ወንዶች ሁለት፣ የሳውንድ ልጆች ሁለት። 10 ክፍል መሆኑ ነው። ከቪዲዮ አንድ፣ ከሳውንድ አንድ ወስዶ አብሮ በማሳደር አንድ ክፍል ማትረፍ ይቻላል፤ ባይደረግ ይሻላል። አንዱ ከሌሊቱ 9 ሰዓት ይነሣል፣ ሌላው ከሌሊቱ 7 ሰዓት ይገባል፤ ሁለቱም ሳይተኙ ያነጋሉ።

ቅዳሜ የሜካፕ ባለሙያዎቹ ሙሽራዋ ከወጣች በኋላ ቀን ላይ ስለሚመለሱ 9 ክፍል ይቀራል። ዲኮርና ሳውንድ ከምሽቱ 5 ሰዓት በኋላ ፈትተው ስለሚጭኑ ያድራሉ። እሁድ ሌሊት የቪዲዮው ቡድን ብቻ ይቀራል። መልሱ አመሻሽ ላይ ሲያልቅ «አሁኑኑ ውጡ» ማለት ሌሊት ንዱ ማለት ነው፤ ስለዚህ 3 ክፍል። ድምሩ 10 እና 9 እና 3፣ ማለትም 22 የክፍል ሌሊት። ለዓርብ አንድ መጠባበቂያ ክፍል መጨመር ጥሩ ነው፤ ሁልጊዜ ያልታሰበ አንድ ሰው ይመጣል።

«ሲንግል» እና «ደብል» አትበሉ

በሀገራችን ሆቴሎች «ሲንግል» የሚባለው ብዙ ጊዜ አንድ ሰፊ አልጋ ያለው ክፍል ነው፤ «ደብል» ያሉት ደግሞ አንዱ ጋ ሁለት አልጋ፣ ሌላው ጋ አንድ ሰፊ አልጋ ይሆናል። ዓለም አቀፍ ስም ያላቸው ሆቴሎች ቃሉን በሌላ መንገድ ይጠቀሙበታል። በዚህ ምክንያት አምስት «ደብል» የያዘ ሰው አምስት ሰፊ አልጋ ተሰጥቶት ያገኘዋል። ሁለት ወንድ በአንድ አልጋ አናሳድርም የሚሉ ሆቴሎች ብዙ ናቸው፤ እነሱ ባይሉም ሠራተኞቹ አይስማሙም። ስትይዙ ቃሉን ተዉትና «ሁለት የተለያዩ አልጋዎች ያሉት 7 ክፍል፣ አንድ አልጋ ያለው 3 ክፍል» ብላችሁ በቁጥር አጽፉ። ተጨማሪ ፍራሽ መሬት ላይ ማንጠፍ የሚፈቅድ ካለም ዋጋውን ጠይቁ፤ ለሦስት ሰው ቡድን ይጠቅማል።

የቀኑ ስህተት ደግሞ ከዚህ የከፋ ነው። የሠርጉ ካርድ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ታትሞ ሆቴሉ የሚመዘግበው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው። ለምሳሌ ጥር 16 ቀን 2018 ዓ.ም. የሚውለው በጃንዋሪ 24 ቀን 2026 ነው፤ «16» ብሎ የሰማ ሪሴፕሽን ጃንዋሪ 16 ላይ ይጽፈዋል። ሁለቱንም አቆጣጠር ከዕለቱ ስም ጋር ጻፉ፦ ቅዳሜ፣ ጥር 16፣ ጃንዋሪ 24። ሰዓቱም እንደዚሁ ነው። በኢንተርኔት የሚያዝ ክፍል «14:00» ካለ ከቀኑ 8 ሰዓት ማለቱ ነው። ከሌሊቱ 8 ሰዓት የሚደርስ ቡድን ካለ ደግሞ የሚያዘው የዋዜማው ሌሊት ነው። «ቅዳሜ ሌሊት እንደርሳለን» የሚል ሰው ዓርብ ለቅዳሜ አጥቢያ ማለቱ ይሁን ቅዳሜ ለእሁድ አጥቢያ ሳታጣሩ አትያዙ።

ዋጋ

ስልክ ላይ የሚነገረው ዋጋ ታክሱንና ሰርቪስ ቻርጁን የያዘ መሆኑን ጠይቁ። 10 በመቶ ሰርቪስ ቻርጅ ይጨመርና በድምሩ ላይ 15 በመቶ ተጨማሪ እሴት ታክስ ሲሰላ፣ የተባለው ዋጋ በ26.5 በመቶ ያድጋል። ለስሌት ያህል ክፍሉ 1,500 ብር ተባለ እንበል። መክፈያው 1,897.50 ብር ይሆናል። ለ22 የክፍል ሌሊት 33,000 ብር ያሰበ ቤተሰብ 41,745 ብር ይጠየቃል። የ8,745 ብር ልዩነት የሚታወቀው እሁድ ጠዋት፣ ኪስ ባዶ በሆነ ጊዜ ነው። ትናንሽ ፔንሲዮኖች ብዙ ጊዜ የተናገሩትን ብቻ ስለሚያስከፍሉ ሁለቱን ስታወዳድሩ የመጨረሻውን ዋጋ ከመጨረሻው ዋጋ ጋር አስተያዩ።

ቁርስ መካተቱንም አረጋግጡ። ከዚያ ለሪሴፕሽኑ በጽሑፍ ስጡ፦ «የምንከፍለው አልጋና ቁርስ ብቻ ነው፤ መጠጥ፣ ላውንደሪና ተጨማሪ ምግብ እንግዳው ራሱ ይከፍላል»። ይህ ካልተጻፈ የሌሊቱ ቢራ በክፍሉ ሂሳብ ላይ ይደረብና ከሠራተኛው ጋር መነታረክ ይመጣል።

ክፍሉን የሚያይ ሰው ላኩ

ውጭ ሀገር ሆናችሁ አገር ቤት የምትደግሱ ከሆነ ፎቶ አይታችሁ አትያዙ። ከተማው ውስጥ ያለ ዘመድ ወይም ሚዜ ማታ ሄዶ ይይ። ማታ የሚባለው ቀን ላይ ዝም ያለ ፔንሲዮን ዓርብ ማታ ምን እንደሚመስል የሚታወቀው ያኔ ስለሆነ ነው። የሚታየው ይህ ነው፦ ውኃ ከፍቶ ማየት፣ ሮቶ መኖሩንና ጀነሬተሩ ለክፍሎቹም ወይስ ለመተላለፊያው ብቻ እንደሚሠራ መጠየቅ። ፍራሹን ገልጦ ጠርዙን ማየት፤ ትኋን ካለ ጥቁር ነጠብጣቡ ስፌቱ ላይ ነው። ሐዋሳ፣ ባቱና ላንጋኖ ወባ ያለባቸው ቦታዎች ስለሆኑ አጎበር ይኑር፣ ቀዳዳውም ይታይ። ደብረ ብርሃን ከሆነ የምታስቡት ብርድ ነው፤ ለአንድ አልጋ ሁለት ብርድ ልብስ ጠይቁ።

ሶኬት ለቪዲዮ ቡድን እንደ አልጋው ያስፈልጋል። ባትሪ ሌሊቱን መሞላት አለበት፣ የተቀረጸውም ወደ ሃርድ ዲስክ መገልበጥ አለበት። አንድ ሶኬት ብቻ ባለበት ክፍል 6 እና 8 ባትሪ ተራ እየጠበቀ አይሞላም። ሁለት ዲቫይደር አዘጋጁላቸው፣ ጠረጴዛ ያለበትንም ክፍል ለእነሱ ስጡ። ካሜራ መኪና ውስጥ አይደር።

ግቢው የአይሱዙ ቁመት ያስገባል? በሩ ሰፊ ሆኖ ከላይ ያለው ቅስት ዝቅ ያለ ፔንሲዮን ብዙ ነው፤ መኪናው ውጭ ካደረ ለዕቃው ሌላ ዘበኛ ይፈልጋል። ጽጌረዳና ሌላ እርጥብ አበባ ይዞ የመጣ መኪና ከሆነ ደግሞ አበባው ሸራ ውስጥ እንዳያድር። ባልዲ ውኃ ውስጥ የሚቆምበት ጥላ ያለው በረንዳ ወይም መጋዘን ጠይቁ፤ ታፍኖ ያደረ አበባ ጠዋት አንገቱን ይደፋል፣ ቅጠሉም ይጠቁራል።

በሩ ሌሊት የሚዘጋበትን ሰዓትም እወቁ። ሳውንድና ዲኮር ከሌሊቱ 7 ሰዓት ሲመለሱ ዘበኛው ተኝቶ ግማሽ ሰዓት ደጅ የሚቆሙት ማንም ስላልነገረው ነው። ለዘበኛው ስማቸውን ስጡት፣ ጉርሻውንም ቀድማችሁ ስጡ።

የሜካፕ ባለሙያዋ ሙሽራዋ ካለችበት ሕንፃ ውጭ አትደር። ከሌሊቱ 10 ሰዓት ባጃጅ አይገኝም፤ የመጣውም ለብቻዋ የምትሳፈርበት አይደለም። የተቀሩት ከድግሱ ቦታ በመኪና 10 ደቂቃ ውስጥ ይሁኑ። አንዲት ሴት ብቻ ያለችበት ቡድን ከሆነም እሷን ነጥሎ ሌላ ፔንሲዮን ማሳደር አይገባም፤ ክፍሏ ከቡድኗ ጋር አንድ ፎቅ ላይ፣ ከውስጥ የሚቆለፍ ይሁን።

ላንጋኖ ላይ ነገሩ ይለያል። ሪዞርቱ በእንግዶች ስለሚሞላ አካባቢው ላይ የሚታደርበት ብዙ አማራጭ የለም፤ ባለሙያዎቹ አርሲ ነገሌ ወይም ባቱ ያድራሉ፣ በየጊዜውም ይመላለሳሉ። እዚያ የሚደግስ ሰው ለሜካፕና ለቪዲዮ ሪዞርቱ ውስጥ ሁለት ክፍል ከእንግዶቹ በፊት ይያዝ፤ ለተቀሩት ደግሞ አንድ ሚኒባስ ለሁለት ቀን ይከራይ።

መቼ ይያዝ?

ከጥምቀት ማግስት እስከ ዐቢይ ጾም ባለው ጊዜና ከፋሲካ በኋላ ሠርግ ስለሚበዛ ቢያንስ ሁለት ወር ቀድሞ። ከከተማው በዓላት ጋር መግጠሙንም እዩ፦ ቢሾፍቱ ከመስቀል በኋላ በሚከበረው ኢሬቻ፣ ሐዋሳ ሐምሌ 19 በገብርኤል ንግሥና በሲዳማ ዘመን መለወጫ በፊቼ ጨምበላላ ይሞላሉ። የፊቼ ጨምበላላን ቀን አያንቶ የሚባሉት የሲዳማ አዋቂ ሽማግሌዎች ኮከብ አይተው ስለሚያውጁት በቀን መቁጠሪያ ላይ አስቀድማችሁ አታገኙትም፤ ሆቴሉን ጠይቁ።

በቃል «ይያዛል» የተባለ አልጋ አልተያዘም። ገበያ ሲደምቅ ከመንገድ የመጣ ሰው ጨምሮ ይከፍልና ክፍሉን ይወስደዋል። ቀብድ ክፈሉ፤ ደረሰኙ ላይ የክፍሉ ብዛት፣ የአልጋው ዓይነት፣ ቀኑ በሁለት አቆጣጠርና የተስማማችሁበት ዋጋ ይጻፍ። ሳምንት ሲቀረው አንዴ፣ ሦስት ቀን ሲቀረው ደግሞ አንዴ ደውሉ፤ ያናገራችሁትንም ሰው ስም መዝግቡ።

ውሉ ላይ ምን ይጻፍ?

«አዳርና ምግብ በሠርገኛው» የሚለው የተለመደ ዐረፍተ ነገር ለጭቅጭቅ የተመቸ ነው። በምትኩ እንዲህ ይጻፍ፦ «ሠርገኛው ከዓርብ ጥር 15 እስከ እሁድ ጥር 17 ጠዋት ድረስ ለ6 ሰው ሁለት አልጋ ያለው 3 ክፍል ከቁርስ ጋር ይይዛል። ዓርብ እራት፣ ቅዳሜ ምሳና እራት ያቀርባል። ከ6 ሰው በላይ የሚመጣ ሰው ወጪ የባለሙያው ነው።» ይህች አንቀጽ ከየቡድኑ ጋር በሚደረገው ውል ውስጥ ትግባ።

አልጋ ከመያዝ ይልቅ ውሎ አበል በእጅ መስጠት ይቀላል የሚል አለ። ከተማው ትልቅ፣ ወቅቱ ቀዝቃዛ ከሆነ ይሆናል። በሠርግ ወቅት ግን አይመከርም። ኃላፊው ብሩን ተቀብሎ አራቱን በአንድ ክፍል ያጭቃል፣ ወይም ደርሶ አልጋ ያጣል፤ ጠዋት ዓይኑ የቀላ ካሜራማን የምታገኙት እናንተ ናችሁ። አበል መስጠት ካለባችሁ ለምግቡ ስጡ፣ አልጋውን ራሳችሁ ያዙ።

ዘመድ ቤት ማሳደርም በቀና ልብ የሚነሣ ሐሳብ ነው። የሠርግ ቤት ግን የሚታደርበት አይደለም፤ ሌሊቱን ሽንኩርት ይከተፋል፣ ቡና ይፈላል፣ ይዘፈናል። ሆቴል በሌለበት ገጠር ሌላ ምርጫ ከሌለ ከድግሱ ቤት የራቀ፣ የጎረቤት ሁለት ክፍል ቤት ለምኑ፤ ለየሰው ፍራሽ፣ ብርድ ልብስና አጎበር ይዘጋጅ፤ ቁልፉን ለቡድኑ ኃላፊ ስጡ። ድንኳንና ወንበር ከእድር እንደምትወስዱ ሁሉ ፍራሽ የሚያከራይ ካለም ቀድማችሁ ጠይቁ።

ምግብ

ዓርብ ማታ የሚደርስ ቡድን፣ ከፋሲካ በኋላ ባሉት ሃምሳ ቀናት ውስጥ ካልሆነ በቀር፣ ጾም የሚጾም ሰው አለበት። ቡድኑ ውስጥ ክርስቲያንም ሙስሊምም ካሉ የሥጋው ነገር ይለያቸዋል። ለሁሉም የሚሆነው በየዓይነቱና ሽሮ ነው፤ በአንድ ትሪ ይቀርባል፣ ማንም አይቀርም። ቅዳሜ ሥጋ የሚቀርብ ከሆነ ለሙስሊሞቹ ሥጋው ከሙስሊም ሥጋ ቤት፣ ድስቱም ለብቻው ይሁን። ረመዳን ከሆነ የሱሁር ምግብ ቀድሞ ክፍላቸው ይድረስ።

የሆቴል ቁርስ ብዙ ጊዜ ከጠዋቱ 1 ሰዓት በፊት አይጀምርም። ከሌሊቱ 9 ሰዓት የሚነሣ ሰው እስከ ረፋድ ባዶ ሆዱን ይሠራል። ዓርብ ማታ ለወጥ ቤቱ ንገሩ፦ ለ6 ሰው ዳቦ፣ ለሚበላ የተቀቀለ እንቁላል፣ ሙዝ፣ አንድ ፔርሙዝ ሻይና አንድ ፔርሙዝ ቡና። ብርጭቆም አስቆጥሩ።

ዓርብ፣ ቅዳሜ፣ እሁድ

አንድ ሰው ብቻ የአልጋ ኃላፊ ይሁን፤ ሙሽራው አይሁን፣ ዋናው ሚዜም አይሁን። ይህ ሰው ዓርብ ከቀኑ 8 ሰዓት ሆቴሉ ይገኝና ቁልፎቹን ተቀብሎ ስም ከክፍል ቁጥር ጋር ይጻፍ፣ በቴሌግራም ለሁሉም ይላክ። ስልኩ ሌሊቱን ይከፈት።

ሌሊቱን ሠርቶ ቅዳሜ ከንጋቱ 12 ሰዓት የሚተኛ የዲኮር ቡድን ከቀኑ 6 ሰዓት «ክፍሉን ልቀቁ» እንዳይባል ክፍሉ ለቅዳሜ ሌሊትም መያዙን ሪሴፕሽኑ ማወቅ አለበት። ጽዳት የምትሠራውም በሩን እንዳታንኳኳ ይነገራት።

እሁድ ጠዋት ሹፌሮቹ ቁርስ በልተው ከ2 ሰዓት በፊት አይነሡ፤ ሲጭኑ ያመሹ ናቸው። ኃላፊው ከመክፈሉ በፊት ሂሳቡን ክፍል በክፍል ከደረሰኙ ጋር ያስተያይ፣ ቀብዱ መቀነሱን ይይ፣ ቁልፍ ይቁጠር፣ እያንዳንዱን ክፍል ከፍቶ ሶኬቱን ይመልከት። የባትሪ ቻርጀር ሁልጊዜ የሚረሳው እዚያ ላይ ነው።